«ተ» ላይ ያረፈችው ቀለበት

ይድረስ ለእታለም፣

አስተማሪ ለተማሪው በእውነት ግድ አለው? ይህን ጥያቄ ስንት ጊዜ እንደጠየቅሽኝ ቆጥሬ አልጨርሰውም። የሥራ ምድቤ በወጣ ቀን ሻንጣዬን እያሰርሽ ጠየቅሽኝ፤ አውቶቡሱ ሊነሳ ሲል በመስኮት አንገትሽን አስግገሽ ደገምሽው። ያን ጊዜ ዲግሪዬ ቀለሙ ገና አልደረቀም ነበርና «እንዴታ!» ብዬሽ ሄድኩ። ዘንድሮ ግን መልሱን ከነማስረጃው ይዤልሻለሁ። ከዚያ በፊት ሰላምታዬን ተቀበዪኝ።

እንደምን ከርመሻል? ጉልበትሽስ? የስፌት መኪናውን ፔዳል ስትረግጪ ያምሽ የነበረው ተሻለሽ ወይስ እንደ ልማድሽ «ምንም አልል» እያልሽ ታነክሻለሽ? እማዬ መድኃኒቷን በሰዓቱ ትውጣለች ወይስ አሁንም ትራስ ሥር ትደብቃለች? ባለቤትሽ ሾፌሩስ ያ የመንገድ አቧራ ያመጣበት ሳል ለቀቀው? ልጅሽ ኩርፌስ የፊት ጥርሶቿ በቀሉላት? እኔ ደህና ነኝ። ከስታለች ብለው የነገሩሽ ሰዎች የላክኩላችሁን ፎቶግራፍ በጎን አይተውት ነው።

ባለፈው ደብዳቤሽ ከስፌት ቤቱ አጠገብ የማታ ትምህርት እንደተከፈተ ጽፈሽ፣ «ነይ ተመዝገቢ ሲሉኝ፣ እኔን በቅቶኛል ብዬ መለስኳቸው» ያልሽውን አንብቤያለሁ። መልስ ሳልሰጥሽ የቆየሁት ረስቼው አይደለም፤ አስቀድሜ የማጫውትሽ ነገር ስላለ ነው።

ክፍሌ ውስጥ ስልሳ ሁለት ተማሪዎች አሉ። ለሦስት በተሠራ ዴስክ ላይ አምስት ሆነው ተጣበው ይቀመጣሉ፤ አንዱ ሲያስነጥስ አምስቱም መስመር ይስታሉ። ከመስኮቱ አጠገብ አንዲት ልጅ ነበረች። ስሟ ሲጠራ «አቤት» አትልም፤ ጣቷን ብቻ ታነሳለች። ስለዚህ ልጆቹ «ጣቲቱ» ይሏታል። የመጀመሪያውን የሂሳብ ፈተና ከመቶ አሥራ ዘጠኝ አመጣች። ከትምህርት በኋላ ጥቂት ተማሪዎች ይዤ ማስጠናት ስጀምር እሷም አብራ ቀረች። አንድም ቃል አትተነፍስም፤ ደብተሯን ታዞርልኝና ያልገባትን በጣቷ ታሳየኛለች። በሦስተኛው ፈተና ሃምሳ አራት! ደስታዬን የት ላድርሰው? ወረቀቷ ላይ በቀይ እስክሪብቶ፣ በትልቁ፣ «አሁን በቅተሻል!» ብዬ ጻፍኩና መለስኩላት።

በማግስቱ ቀረች።

በሦስተኛውም ቀን እንዲሁ። እኔስ ምን አደረግኩ? እውነቱን ልንገርሽ፤ ስም መጥሪያው ላይ «ቀ» ብዬ ጻፍኩ። ቀሪ ለማለት ነው። ቀ፣ ቀ፣ ቀ፣ አሥራ አንድ ቀን! የሚታረመው ክምር፣ የሳምንቱ ዕቅድ፣ የስብሰባው ብዛት እያልኩ። በአሥራ ሁለተኛው ቀን ጠዋት «ቀ» ልጽፍ ስል አንቺ ትዝ አልሽኝ። ሰባተኛ ክፍል ሳለሽ፣ እማዬ ታማ ቤት የቀረሽ ጊዜ። «አንድ ሰው መጥቶ የት ገባች ቢል እመለስ ነበር፤ ሦስት ሳምንት ሙሉ በር በሩን ሳይ ከረምኩ» ብለሽኝ ነበር። ያ መምህርሽም ክፉ ሰው ላይሆን ይችላል። እሱም እንደኔ «ቀ» እያለ ነበር። እስክሪብቶውን አስቀመጥኩት።

ወጣቱ ምክትል ርዕሰ መምህር ዘንድ ሄጄ አድራሻዋን ስጠይቀው፣ «የኔ እህት፣ ገና አዲስ ነሽ። ሃያ ቀን ሲሞላት ስሟን ትሰርዣለሽ፣ አለቀ። አንዷን ስትፈልጊ ስልሳ አንዱ እንዳይጠፉብሽ» አለኝ። ለመጨረሻው ፈተና አምስት ሳምንት ቀርቶታል። ስሟ ከተሰረዘ ለፈተናው አትቀመጥም፤ ካልተቀመጠች ደግሞ ለከርሞ ትመለሳለች ብሎ ማን ዋስ ይሆናታል? ደግነቱ የበሩ ዘበኛ የማያውቁት ልጅ የለም። «አባቷ መስታወት ቆራጭ ናቸው፣ ከመናኸሪያው ጀርባ» አሉኝ። ከሰዓት በኋላ በእግሬ ሄድኩ።

ሱቁ ከመተላለፊያ አይሰፋም። በግራም በቀኝም መስታወት ተደግፎበታል፤ ብቻዬን ሄጄ አሥር ሆኜ ገባሁ። ጣቲቱ እየለካች ነበር፤ ስታየኝ ሜትሩ ከእጇ አምልጦ ተጠቀለለ። አባቷ እጃቸውን በሽርጣቸው ጠርገው ወንበር አቀረቡልኝና፣ «መምህር፣ ምነው ደከሙ? መልእክትዎ እኮ ደርሶናል» አሉኝ። የምን መልእክት ብላቸው፣ ከመሥሪያ ጠረጴዛው መስታወት ሥር የፈተናውን ወረቀት ሳብ አድርገው አወጡ። «ይኸው፤ አሁን በቅቶሻል ብለዋታል። እኛም አልተቀየምንም። አምና ያስተማሯት ድንጋይ ነሽ ነው ያሏት፤ እርስዎ ግን በጨዋ ደንብ ይብቃሽ አሉ።»

እታለም፣ ወረቀቱን ሳየው ጆሮዬ ድረስ ጋልኩ። የእጅ ጽሕፈቴን ታውቂዋለሽ፤ ልጅ ሆኜ «ዶሮ ጭራበት የሄደች ይመስላል» ትዪኝ አልነበር? በደስታና በጥድፊያ ስሞነጭር፣ «ተ» አናት ላይ እስክሪብቶዬ ዞር ብላ አንዲት ትንሽ ቀለበት ሠርታለች። «ተ» «ቶ» ሆና ቁጭ! ችለሻል፣ ደርሰሻል ያልኩት ቃል፣ ጠግበሻል፣ ከእንግዲህ ወደ ቤትሽ ሆነ። ግን አንጀቴን የበላው የቀለበቷ ነገር አይደለም። ልጅቷ አለመጠራጠሯ ነው። ሃምሳ አራት አምጥታ እንኳ መምህር ደግ ቃል ይጽፍልኛል ብላ አላሰበችም፤ ከዚያ በፊት ጽፎላት የሚያውቅ የለማ!

እስክሪብቶ ተቀብዬ ከሥሩ በትልቁ «በቅተሻል» ብዬ ጻፍኩ። አባቷ መነጽራቸውን አድርገው ሁለቱን ቃላት አስተያዩ፤ ደግመው አስተያዩ። ከዚያ ሳቃቸው መጣ። «ቀለበት ልጃገረድን ከትምህርት ቤት ያስቀራል ሲባል ሰምቻለሁ፤ የእስክሪብቶ ቀለበት ግን የመጀመሪያዬ ነው!» አሉ። ጣቲቱ አልሳቀችም። ቃሏን በጣቷ ዳሰሰቻትና፣ ካወቅኳት ጀምሮ ለመጀመሪያ ጊዜ ድምጿን ሰማሁ። «ከልብዎ ነው፣ ቲቸር?» አለችኝ። ከልቤ ነው አልኳት።

በማግስቱ ጠዋት ስም ስጠራ ስሟ ጋ ደረስኩ። እንደ ልማዴ ቀና ብዬ ጣት ስፈልግ፣ «አቤት!» የሚል ድምፅ መጣ። የመስኮቱ መስታወት የነዘረ መሰለኝ። ስልሳ አንዱ ሁሉ ዞሮ አያት። ከዚያ ዴስክ እየተመታ፣ እየተፏጨ ክፍሉ ቀለጠ። ምክትሉ ሮጦ መጥቶ «ምንድነው፣ እሳት ተነሳ?» አለ። ተነሥቷል አልኩት!

ወሬው ክፍሉን አዳርሶ፣ ከዚያ ወዲህ ሰሌዳ ላይ «ተ» በጻፍኩ ቁጥር ከኋላ ወንበር «ቲቸር፣ ቀለበት አላት የላትም?» እያሉ ይጮኹብኛል። በመምህራን ክፍል ደግሞ አንጋፋው የጂኦግራፊ መምህር «እኛ አስተማሪ ነን ወይስ ሞግዚት?» እያሉ ሲያሾፉብኝ ሰነበቱ። ባለፈው ሳምንት ግን ዘበኛውን ጥግ ይዘው የአንድ ቀሪ ተማሪ ሰፈር ሲጠይቁ ደረስኩባቸው። «ካርታ እያጠናሁ ነው» አሉኝ።

ትናንት ውጤት ተለጠፈ። ጣቲቱ ሰባ ሦስት! ስልሳ ሁለቱም ተፈትነዋል፤ ሃምሳ ሰባቱ አልፈዋል፤ አምስቱን ክረምቱን ይዣቸው እቀራለሁ። አባቷ ሱቃቸውን ዘግተው መጥተው ነበር። ያቺን ወረቀት በመስታወት አስገብተው ሰቅለዋታል አሉ፣ ስህተቱንም እርማቱንም አንድ ላይ። መስታወት ሊያስቆርጥ የመጣ ሁሉ ሳያነብ አይወጣም።

እንግዲህ መልሴ ይኸው። ብዙዎቻችን ግድ አለን፤ ነገር ግን ሆድ ውስጥ የቀረ ግድ ከ«ቀ» አይለይም። በር በሩን ለሚያይ ልጅ በሩ መንኳኳት አለበት።

አሁን ወደ አንቺ ልምጣ። ያንን ደብዳቤሽን አውጥቼ «በቅቶኛል» ያልሽበትን ቦታ አየሁት። ጽሕፈትሽ እንደ ስፌትሽ የጠራ ነው፤ ያንቺ ቀለበት በስህተት የገባች አይደለችም። ሰው ከሃያ ዓመት በፊት ያስገባብሽ ናት። የሌሎችን ልጆች የትምህርት ቤት ልብስ ስትሰፊ የኖርሽው፣ እኔን ፊደል ያስቆጠርሽኝ በዚያች በሰባተኛ ክፍልሽ ነው። ያን ጊዜ በርሽ ላይ ያልመጣው ሰው ዘግይቶም ቢሆን ይኸው መጣልሽ። እኔ ነኝ። የት ገባሽ?

እማዬን ጉልበቷን ሳሚልኝ፤ መድኃኒቱንም ከትራሱ ሥር አውጪባት። ባለቤትሽን ማታ ማታ ልጅ መጠበቅ ሥራው ሊሆን ነው በይልኝና ሰላም በይልኝ። ኩርፌን ሁለት ጉንጯን፤ ካኮረፈች ግንባሯን። ሳታስለቅስ መርፌ ለምትወጋዋ ጎረቤታችን ነርስም ሰላምታዬ ይድረሳት።

ምዝገባው ሳይዘጋ ሄደሽ ስምሽን አስገቢና ስንተኛ ክፍል እንዳስገቡሽ በራስሽ እጅ ጻፊልኝ። ቀይ እስክሪብቶ እንደማላነሳ ቃሌ ነው። የምትሰጪኝንም መልስ ከወዲሁ አርሜልሻለሁ፤ ቀስ ብዬ፣ ትንፋሼን ይዤ ነው የጻፍኩት፣ ቀለበት የላትም፦

እታለም፣ በቅተሻል።

ታናሽ እህትሽ፣ ባለ ዶሮ ጭረቷ
ከመምህራን ክፍል፣ ከመስኮቱ ሥር
ሰኔ 19 ቀን