የእማዬ ጥቁር ቢራቢሮ

ለውድ ወንድሜ ለኖልዲ፣

ወንድምዓለም፣ በዚያ ሁሉ ባሕር ላይ እንዴት ከረምክ? ጤናህስ እንዴት ነው? ያ የወገብ ሕመምህ ተሻለህ? መርከቡ ላይ የሚያበስለው ሰውዬ ዛሬም ሩዙን ያሳርረዋል? ናፍቆትህማ መቀመጫ ነሥቶናል። «እኛ ደህና ነን» ብዬ እንደ ወጉ ልቀጥል ስል ግን እጄ እምቢ አለኝ።

እማዬ ታማለች፣ ኖልዲ። ሳሉስ ድሮም ነበረባት፤ አሁን ግን ምግብ ጠላች። ጎደሬውን በኮኮናት ወተት ቀቅዬ ሳቀርብላት በማንኪያ ትነካካውና «ለልጅሽ ለሴስካ ስጫት» ትለኛለች። ባሌ ዴኪ በመርከብ ወደ ትልቁ ሆስፒታል እንውሰድሽ ብሎ ቢለምናት፣ «ልጄ መጥቶ ባዶ ቤት ያግኝ? አንተ ሰውዬ፣ ጤናም የለህ!» ብላ አባረረችው። እሱ ደግሞ እሷ ፊት አፍ የለውም።

ምን እንደምትጠብቅ ታውቃለህ። ጥቁሩ ቢራቢሮ ቤት ከገባ እንግዳ ይመጣል እያለች ነው ያሳደገችን። አንተም ስትመጣ ሁልጊዜ እሱ ቀድሞህ ይገባል። ይህ ቢራቢሮ ከእኛ ደሴቶች ሌላ አገር የለውም፤ ትሉም ከአንድ ዓይነት ሐረግ በቀር ቅጠል አይቀምስም። ዱሩ ተመንጥሮ ኮኮናት ሲተከልበት፣ በመንደሩ የቀረው የዚህ ዓይነት ሐረግ እማዬ ጓሮ ያለው ብቻ ነበር። እንዳይነካባት ለጋ የኮኮናት ቅጠል አስራበት ነበር፤ እዚህ ደግሞ ያ ቅጠል የታሰረበትን ነገር ሰው በዓይኑ እንጂ በእጁ አይነካም።

ዘንድሮ ግን ጉድ ሆንን። ከባሕርም ከምድርም እንዳይነካ ተከልክሎ የከረመው ሁሉ የሚፈታበት ቀን ደረሰና የመንደሩ አለቃ «ተፈትቷል!» ብለው አወጁ። ጎረምሶቹም ዓሣ የሚከበብበትን ገመድ ሊሠሩ ሐረግ ፍለጋ ወጡ። የእማዬን ቅጠል ሲያዩ የመንደሩ ክልከላ ምልክት መሰላቸው። ክልከላው ደግሞ ተፈትቷል! ከሥሩ ቆረጡት። እኔ የደረስኩት ገመዱ ባሕር ውስጥ ሲጎተት ነው፤ ትሎቹ ከሐረጉ ላይ ጨው ውሃው ውስጥ ይረግፉ ነበር። ብጮህ ማን ይስማኝ? ሰው ሁሉ ዓሣ ዓሣውን ያያል። በኋላ አለቃው ራሳቸው ይቅርታ ሊጠይቁ ቤት መጡ። እማዬ «ዓሣው ጣፈጣችሁ?» አለቻቸው።

ከተጣለው ቅርንጫፍ ላይ አንድ ትል ራሱን ጠቅልሎ የተኛበት ሽፋን ተርፎ ሴስካ ይዛው መጣች። እማዬ በክር አስራ ከአልጋዋ በላይ፣ መስኮቱ ላይ ሰቀለችው። ከዚያ ወዲያ ዓይኗን ከእሱ ላይ አልነቀለችም። ባለፈው ሐሙስ ጠዋት ሽፋኑ ተሰነጠቀና ቢራቢሮው ወጣ። ምን ያደርጋል! አንዱ ክንፉ እንደተጨማደደ ቀረ። መብረር ሲያቅተው በግድግዳው ወርዶ ወለሉን እየተጎተተ አቋረጠና በበሩ ወጣ። እኔ ዶሮዎቹን ሳባርር ሣር ውስጥ ገብቶ ጠፋ።

እማዬም፣ «ይሄ እንግዳ አያመጣም። እንግዳ የሚያመጣው ከውጭ የሚገባው ነው፤ ይሄ ከውስጥ ወጣ» አለችኝ። «ቢራቢሮ እኮ ነው እማዬ!» ብላት ሳቀችብኝ። ከዚያም ያንን ለቤተ ክርስቲያን የምትለብሰውን ነጭ ቀሚሷን አጥቤ እንድተኩስላት አዘዘችኝ። ምን ላድርግ? እያለቀስኩ አጠብኩት።

ወንድሜ፣ እባክህ ና። ካፒቴኑ ቢቆጣ ይቆጣ። ቀድሞህ ገብቶ መምጣትህን የሚነግርልህ ቢራቢሮ እዚህ የለም፤ እንዲያው ዝም ብለህ ግባ።

ዴኪ ሰላም ብሎሃል፤ የጀልባዋን ሞተር አንተ ሳትመጣ አልፈታም ብሎ ተቀምጧል። ሴስካ የፊት ጥርሷ መውለቁን ለአጎቴ ንገሪልኝ ብላለች። እማዬ ደግሞ ይህን ስጽፍ ከአልጋዋ ሆና «ደህና ናት ብለሽ ጻፊ፤ ልጁን እንዳታስደነግጪው» ትለኛለች። ይኸው ጽፌያለሁ፤ እማዬ ደህና ናት።

እህትህ ሜልቺ
ታላውድ ደሴቶች፣ ጁን 4 ቀን 2017 እ.ኤ.አ.