ለፎቶዋ ያጠለቅህላት አበባ

ይድረስ ማድራስ ለሚኖረው ወንድሜ ለናራሲምሉ። ፖስተሩ ላይ ሂማካር እንደሚሉህ አውቃለሁ፤ እኔ ግን እናታችን ባወጣችልህ ስም ነው የምጠራህ። እንደምን ከርመሃል? ከፈረስ ወድቀህ የተጎዳው ወገብህ ተሻለህ ወይ? ባለቤትህ ሱጉናና ልጆቹስ እንዴት ናቸው? እኛ ደኅና ነን። ባለቤቴ ደኅና ነው፣ ወፍጮው ይሠራል፣ የምትታለበው ጎሻችን ወልዳለች። እናታችንም በሕይወት አለች። ይህን ለይቼ የምጽፍልህ የረሳኸው ስለመሰለኝ ነው።

አንተው ያሠራኸውን፣ አንተው የተወንህበትን አዲሱን ፊልምህን አየነው። መብራቱ ጠፍቶ የኩባንያህ ስም፣ የእናታችን ስም ማለት ነው፣ መጋረጃውን ሞልቶ ሲወጣ አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። እማዬ በሳሪዋ ጫፍ አፏን ሸፈነች። እኔም አለቀስሁ፤ አልዋሽህም። ቆይቶ ግን ያ የምትጫወተው ሰውዬ ወደ ቤቱ ሲገባ ግድግዳው ላይ የሟች እናቱ ፎቶ ተሰቅሏል። ፎቶው የእማዬ ነው። አረንጓዴ ሳሪዋን ለብሳ፣ ቢጫ የአበባ ጉንጉን ተጠልቆላት፣ ከሥሯ መብራት በርቶላት።

ፎቶ ላይ ጉንጉን የሚጠለቀው ለማን እንደሆነ እኔ ነኝ የማስተምርህ? አባታችን የሞተ ጊዜ በገዛ እጅህ አጠለቅህለት እኮ! ያንን ፎቶ ያነሳትን ሰው የላክኸው አንተ ነህ። ሳሪዋን ከሣጥን አውጥታ፣ ፀጉሯን ሁለት ጊዜ አበጥራ፣ የናርሲ ሳሎን ውስጥ ነው ወይ የሚሰቀለው ብላ ጠየቀችው። አዎ አላት። ስንት ወር ሙሉ ሳሎንህ ውስጥ ያለች መስሏት ኖረች።

ከፊታችን የተቀመጡት ሴቶች ዞረው አፈጠጡብን። የሸክላ ሠሪው ሚስት እማዬ በሕይወት መኖሯን ለማረጋገጥ ይመስል ጉልበቷን ነካ አደረገቻት። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድሁ። በማግስቱ ደግሞ አክስታችን ካናካማ ፊልሙን እነሱ ከተማ አይታ፣ ወንዙን ተሻግራ፣ ከመንገዱ ጫፍ ጀምራ ደረቷን እየደቃች መጣች። በሩን የከፈተችላት እማዬ ራሷ ናት። አክስቴ እዚያው ዘፍ አለች። እማዬ አሬራ አጠጥታ ስታነቃት፣ ይህን ሁሉ መንገድ አልቅሼ መጥቼ አለሽ እንዴ ብላ ተቆጣቻት።

ሲኒማው ደጅ ደግሞ ከሰሌዳ የተቆረጠ የአንተ ምስል ያለልክ ገዝፎ ቆሟል፤ ጎረምሶቹ መሰላል ወጥተው ለአምላክ ምስል እንደሚደረገው ወተት ያፈሱበታል። ወተቱ ቦይ ለቦይ ሲፈስ ባለቤቴ አይቶ፣ ላም አለኝ በሰማይ ወተቷንም አላይ ማለት የእናትሽ ነገር ነው አለኝ።

በበዓል መድረክ ላይ ሴት ሆነህ ስትጫወት ሳሪዋን አውልቃ ያለበሰችህ እሷ ናት። ማድራስ ሄደህ በየፊልሙ ዋናው ተዋናይ ሲደበድብህ በነበረ ጊዜ የሰፈሩ ልጆች የተመቺው እናት ይሏት ነበር። እሷ ግን ይምቱት ግድ የለም፣ እየበላ ነው ትል ነበር። ተራው ደርሶህ መቺ ሆንህ፣ ከዚያም ባለ ኩባንያ ሆንህ፤ ከዚያ ወዲህ ደጃችንን አልረገጥህም።

ትረግምሃለች ብዬ ፈርቼ ነበር። እሷ ግን ወፍጮ ቤት መሄዴን ጠብቃ በየቀኑ ሲኒማ ትገባለች። ፊልሙን እንኳ አትጨርሰውም። ፎቶው ፊት ተንበርክከህ፣ እማዬ ጊዜ አጣሁልሽ፣ ይቅር በይኝ እያልህ የምታለቅስበትን አይታ ተነሥታ ትወጣለች። ብልጭ ብሎብኝ፣ በቁምሽ የቀበረሽን ልጅ ምን ልታዪ ነው የምትሄጂው አልኋት።

“ማንጋ፣ እዚያ ውስጥ ፊቴን ትክ ብሎ ያየኛል” አለችኝ። “እንዲህ ካየኝ ስንት ዘመን ሆነው?”

ከጉንጉኑ ይልቅ ያቃጠለኝ ይህ ነው። እሷን የነሣሃትን እንባ ለፎቶ መስተዋት ሰጠኸው፤ እሷ ደግሞ ቲኬት ቆርጣ ትለምነዋለች። አንጀትህ ከምን እንደተሠራ እንጃ።

በሚቀጥለው ሳምንት ዓርብ ሲኒማው ፊልም ይቀይራል። ትናንት ይህን ሰምታ፣ ከዚያ በኋላ የት ሄጄ ነው የማየው አለችኝ። መልሱ ያለው አንተ ዘንድ ነው።

ሱጉናን በጣም አድርገህ ሳምልኝ፤ በእሷ አልተቀየምሁም። ልጆቹን ጉንጫቸውን ሳምልኝ፤ አያታችሁ አለች ብለህ ንገራቸው። ባለቤቴም ሰላም ብሎሃል፣ አክስቴ ግን አላለችህም። እማዬ ወገቡን በሰሊጥ ዘይት ይታሽ በይው ብላለች። የእኔን ሰላምታ ደጃችን ላይ ቆመህ ትቀበላለህ።

ከዓርብ በፊት ና። ስትመጣ አበባ እንዳትይዝ።

እህትህ ማንጋታያሩ
ኮታፓሌም፣ ጎዳቫሪ ዳር
ማክሰኞ፣ ኦክቶበር 13 ቀን 1987