ከፊልሙ የተቆረጠችው ሰዓደት

እንደ እናት ላሳደጉኝ ለእትዬ ሠርኬ ይድረስ። እንደምን ከረሙ? ያ የጉልበትዎ ቁርጥማት ተወዎት ወይስ ክረምቱ ቀሰቀሰብዎት? ጋሼ አገኘሁስ፣ ልጆቹስ፣ ከብቱስ ደህና ነው? እኔ በአካሌ ደህና ነኝ፤ ሆዴ ግን አሯል።

ጎረቤቴን ሰዓደትን፣ እህል በረንዳ የሚነግደውን የኸይረዲንን ሚስት፣ አምና ስመጣ አንስቼልዎት ነበር። የመጀመሪያ ልጇን እኔ በማዋልድበት ሆስፒታል ስትገላገል፣ ምጡ ጠንቶባት ብትጮህ አንዲት ነርስ በጥፊ አጮለቻትና «ስታረግዥው መች ጮህሽ?» አለቻት። እዚያ ቤት ይህ ብርቅ አይደለም። ብናገር ብናገር አዛኝ ቅቤ አንጓች ተባልኩ እንጂ ሰሚ አላገኘሁም።

ኢስሐቅ የሚባል የጤና ትምህርት ፊልም የሚያነሳ ሰው ሲመጣ ታዲያ፣ ጆሯቸው እምቢ ቢል ዓይናቸው ይይ ብዬ ለመንኩት። የሰፈሩን እናቶች እየዞርን አናገርን። ሰዓደት ሁለተኛዋን አርግዛ ነበር። «ምጡን አልፈራሁትም፤ የፈራሁት ጥፊውን ነው። ዳግመኛ እዚያ አልሄድም» አለች። እኔ አለሁልሽ ብዬ ብለምናት እሺ አላለችም። ሰኔ ላይ እቤቷ ወለደች። ደሟ አልቆም ብሏት ተጠርቼ ብደርስ እጄ ላይ አረፈች። ሕፃኗ ተርፋለች።

ፊልሙን ለሐኪሞቹና ለሹማምንቱ አሳየን። ሰዓደት ስትናገር እንባዋን የጠረገች ነርስ አይቻለሁ። መብራት ሲበራ ግን አለቃችን ስለ ሟቿ አንዲት ቃል ሳይጠይቅ «የቤታችንን ገበና አደባባይ አወጣሽው» አለኝ። በማግስቱ ከማዋለጃ ክፍል አውጥተው አንሶላ ማጠቢያ ወረወሩኝ። ፊልሙንም ወስደው እናቶቹ የተናገሩትን ሁሉ አስቆረጡት።

ኸይረዲን ይህን አልሰማም ኖሮ፣ ልጅቷ ስታድግ የእናቷን ድምፅ እንድትሰማ እሷ የተናገረችበትን አስቀምጥልኝ ብሎ ኢስሐቅን ለመነው። ኢስሐቅ መናገር አቅቶት ወደ እኔ ላከው። የተቆረጠው ተቃጥሏል አልኩት። ጫማውን አጥልቆ ወጣ።

አሁን የቀረው ፊልም፣ ንጹሕ አልጋና የታጠበ ሕፃን ብቻ፣ «ሆስፒታል ውለዱ» እያለ በመኪና አገር ለአገር እየዞረ ነው። ለመስቀል ቢቸና ገበያ ይደርሳል ይባላል። እኔን ነጭ ለብሼ ስስቅ ያዩኛል። ከእኔ ቀጥሎ አንዲት ጠይም ሴት ልትናገር አፏን ስትከፍት ሥዕሉ ይቋረጣል። ሰዓደት እሷ ናት። አጠገብዎ ለተቀመጡት ሴቶች የተቆረጠውን እርስዎ ይንገሩልኝ። እቤት ይውለዱ ማለቴ አይደለም፤ ሰዓደትን እሱም በልቷታል። ሲመጡ ግን አፍ ያላት ሴት አስከትለው ይምጡ።

የጋሼ አገኘሁን ጉልበት ስሜያለሁ። ከልጆቹ ጤናዬን ሁለት ጉንጯን፣ ትንሹን ደመቀን ግንባሩን ይሳሙልኝ። እማማ ሙሉዬ በጸሎታቸው ያስቡኝ።

እህትዎ ወሰንየለሽ
አዲስ ከተማ፣ ጭድ ተራ
ነሐሴ ፱ ቀን ፲፱፻፷፬ ዓ.ም.