የተረጂ ተማሪዎች ፎቶግራፍ ከበሩ ላይ እንዲነሳ

ለሕግ ትምህርት ቤቱ ዲን ጽሕፈት ቤት
ቀን፦ ኅዳር 12

ጉዳዩ፦ በዋናው በር የተሰቀለው ፎቶግራፍ እንዲነሳና ትምህርቱን ያቋረጠው ጓደኛዬ እንዲጠራ ስለመጠየቅ

ክቡር ሆይ፣

1. እኔ አመልካች የሦስተኛ ዓመት የሕግ ተማሪ ነኝ። ትምህርት ቤቱ ከሰፈሩ ነዋሪዎች ጋር ባደረገው ስምምነት፣ ከአንድ የክፍል ጓደኛዬ ጋር ከሰፈሩ ዳቦ ቤት በላይ ባለች ክፍል በነፃ እንኖራለን፤ የሰፈሩ ጠበቆችም ያስጠኑናል። እኛ ደግሞ ቅዳሜ ቅዳሜ ነፃ የሕግ ምክር እንሰጣለን። ይህ ባይኖር ገና በመጀመሪያው ዓመት ሻንጣዬን ይዤ ወደ ቤቴ በተመለስኩ ነበር። ስለዚህ አቤቱታዬ እንደ ውለታ ቢስነት እንዳይቆጠርብኝ እለምናለሁ።

2. ባለፈው ወር ከትምህርት ቤቱ ፎቶ ተነሱ ተባልን፤ ተነሳን። ለምን እንደሆነ አልጠየቅንም። ሰውን «ሳታነቡ አትፈርሙ» ብለን የምንመክረው እኛው ነን! ፎቶው በትልቁ ታትሞ «በኅብረተሰቡ እርዳታ የሚማሩ ችግረኞች» ከሚል ጽሑፍ ጋር ተሰቀለ።

3. እናቴ ከጎረቤቷ ጋር ልትጠይቀኝ መጣች። ማንበብ ስለማትችል ጎረቤቷ ጮክ ብላ አነበበችላት። እኔም በሩ ላይ ደረስኩባቸው። እናቴ ቀና ብላ አላየችኝም። «ልጄ፣ ርቦህ ነበር እንዴ?» ብቻ አለችኝ። «ኧረ እማዬ፣ ሁሉም ተማሪ የሚነሳው ነው» ብዬ ዋሸኋት። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

4. ጓደኛዬ የባሰ ገጠመው። ከአከራይዋ ጋር የተጣላች ሴት ምክር ልትጠይቀው ቁጭ ካለች በኋላ ትክ ብላ አየችውና «አንተ ያ በሩ ላይ ያለኸው አይደለህ? ለራስህ ያልሆንክ ለእኔ ምን ትሆናለህ?» ብላው ተነስታ ሄደች። በማግስቱ ልብሱን ሸክፎ ወጣ። ከዚያ ወዲህ ትምህርት ክፍል አልገባም፤ ፈተናው ደግሞ ደርሷል።

5. ለዳቦ ቤቱ ባለቤት አንገቴን ደፍቼ ነገርኳቸው። «እኔ የሰጠሁት ክፍል ነው፤ ፊታችሁን ማን ጠየቀ?» ብለው ተቆጡ። የባለጉዳይ ገመና እንደማይወጣ የተማርነው እዚሁ ትምህርት ቤት ነው። ለባለጉዳይ የተከለከለው ለተማሪም እንዲከለከል እጠይቃለሁ።

ስለሆነም ፎቶግራፉ እንዲነሳ፣ ድጋፉ ግን በዝምታ እንዲቀጥል፣ ጓደኛዬም ተጠርቶ ያመለጠው ትምህርት ተካክሶለት ለፈተና እንዲቀመጥ በትሕትና አመለክታለሁ። ሲጠሩት ያመለከትኩት እኔ መሆኔን ባይነግሩት ደግ ነው። ትምህርት ቤቱ ራሱ አስታውሶ የጠራው ይምሰለው።

ከማክበርና ከሰላምታ ጋር፣
(ፊርማ)
ስሜ በታሸገው ፖስታ ውስጥ ነው