የአባታችን ኩሬ ቀንድ አውጣዎች

ይድረስ ለውድ እህቴ ለእትዬ አፊፋ አብዱልሀፊዝ፣ ጂዳ

አሰላሙ አለይኩም ወራህመቱላሂ ወበረካቱህ። እንደምን ሰነበትሽ? ጤናሽ እንዴት ነው? ያ ወገብሽ ተሻለሽ ወይስ ዛሬም ደረጃ ስትወጪ ይይዝሻል? አሠሪዎችሽስ እንዴት ናቸው፣ እንቅልፍሽን ይሰጡሻል? ሰላምታዬ በገበያ ቀን ወደ አሊዩ አምባ በሚወጣው ሰውና አህያ ልክ ይብዛልሽ። አህያውን የጨመርኩት ከሰው ስለሚበልጥ ነው። እኛ ከናፍቆትሽ በቀር አልሐምዱሊላህ ደህና ነን። ደብዳቤ ሲጻፍ እንዲህ ይባላል ብለው ስላስተማሩኝ ብያለሁ፤ ምን ያህል ደህና እንደሆንን ግን እያነበብሽ ስትሄጂ ታይዋለሽ።

ጽሕፈቱን አይተሽ ማን ጻፈለት እንዳትዪ። ወንድምሽ ጃፈር ነኝ፣ ያ ለቀበሌ ወረቀት አውራ ጣቱን ቀለም ሲነክር የምታውቂው። የማታ ትምህርት ገብቼ ክፍሉን ሁሉ ከኋላዬ አስከትዬ ጨረስኩ። አስተማሪያችን ፍቅርተማርያም፣ የጃፈር እጅ ፈጣን ነው ብላ በሰው ፊት መስክራልኛለች። ቀጥላ አንዳንድ ፊደል ይዘላል ያለችውን ማንም አልሰማም። አሁን ከሰፈራችን ወንዶች የመድኃኒት ወረቀት የሚያነብ ቢኖር እኔ ነኝ። ባለፈው በልግ ካነበብኳቸው ውስጥ ግን ባላነበብኩት ያልኩት ነበረ፤ የምጽፍልሽም ስለ እሱ ነው።

በኢሞ ያልነገርኩሽ እናታችን ስልኩን ከጉልበቷ ስለማታወርድ ነው። ድምፁንም ጎረቤት እስኪሰማ ከፍታ ነው የምታወራሽ። ይህ ነገር ለጊዜው ለእሷ ጆሮ አይሆንም። ስለዚህ እኔ እጽፋለሁ፣ ሌይላ ገጽ በገጽ ፎቶ አንስታ ትልክልሻለች። ፎቶ ማንሳት አቅቶኝ እንዳይመስልሽ፤ ባለቤቴም ሥራ ትያዝ ብዬ ነው።

ጉዳዩ ኩሬው ነው። ጂዳ በገባሽ በሁለተኛው ዓመት፣ ለአባታችን ሰደቀቱል ጃሪያ፣ ከሞት በኋላም ምንዳው የማይቋረጥ ሰደቃ፣ ይሁንልኝ ብለሽ ያሠራሽው የመስጊዳችን ኩሬ። በፎቶ እንጂ በዓይንሽ አላየሽውም፤ ስለዚህ ልሳልልሽ። የመስኖው ቦይ ከወንዝ ይመጣና በድንጋይና በሲሚንቶ ግንቡ ይያዛል። ሾላው ከላይ ያጠላዋል። ወደ ውሃው የሚያወርደው ደረጃ ሰፊ ነው፤ ወንዶቹ ተርታ ተቀምጠው ለሶላት ውዱእ ያደርጉበታል። ከበላዩ፣ ቦዩ ሲገባ፣ ለኢስቲንጃ፣ ከተጸዳዱ በኋላ ለመታጠብ፣ የተከለለ ጥግ አለ። ሴቶቹ በታች በኩል ይቀዳሉ፣ ያጥባሉ። ልጆች ከትምህርት ቤት መልስ ይዋኙበታል። የሚነሳ ሰው ሁሉ ፊቱን ሲያብስ፣ አብዱልሀፊዝን አላህ ይዘንለት ይላል። አባታችን በሕይወቱ ይህን ያህል አልተመረቀም። አንቺም የፈለግሽው ይህንኑ ነበር፤ አግኝተሽዋል።

ውሃ ሲቆም ግን ሌላም እንግዳ ይመጣል። መጀመሪያ አረንጓዴው መጣ፣ ቀጥሎ ቅጠላ ቅጠሉ፣ ቀጥሎ ቀንድ አውጣው። ማን ልብ ይለዋል? ልጆቹ ለጠጠር ጨዋታ ይለቅሙት ነበር።

ባለፈው ክረምት ማብቂያ ላይ፣ ቀንድ አውጣ የምታጠና ሕይወት የምትባል ሴት ከደብረ ብርሃን መጣች። እጀታው የረዘመ ወንፊት ይዛ ረጅም የላስቲክ ቦቲ አጥልቃ ኩሬያችን ውስጥ ስትገባ ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔ ለእንግዳ ክብር ብዬ፣ ስለ ቀንድ አውጣ ከሆነ እኔን ጠይቂኝ አልኳት። የዳገቱን የምድሩን ተረኩላት፤ አንቺም ታውቂዋለሽ። በጋውን ከቁልቋል ሥርና ከካብ ድንጋይ ውስጥ ተሸጉጦ፣ የቤቱን አፍ በልጋጉ እንደ ወረቀት ለጥፎ ይተኛል። ዝናብ ሲጥል ወረቀቱን ቀዶ ይወጣል፣ ካቡ ላይ የሚያብረቀርቅ መንገዱን ይስላል፣ እንቁላሉን አፈር ውስጥ ይቀብራል። ጎመን ይበላል እንጂ ሰው አይነካም። ልክ ነህ አለችኝ። ኮራሁ። ወንዱን ከሴቱ በምን ትለየዋለህ ስትለኝ፣ ወንዱ ትልቁ ነዋ አልኳት። ያን ጊዜ መሳቅ የእሷ ተራ ሆነ። አንዱ ራሱ ወንድም ሴትም ነው አለች። የውሃውማ ይባስ ብሎ ብቻውን ቢቀር ብቻውን ይወልዳል። ሽማግሌ መላክ የለ፣ ጥሎሽ የለ። አንድ ቀንድ አውጣ በዳክዬ እግር ጭቃ ተለጥፎ ቢመጣ ለአንድ ኩሬ ይበቃል።

የኩሬውን ከመዳፏ ላይ አሳየችኝ። ትልቁ የሸሚዝ ቁልፍ ያህላል። እንደ ተጠቀለለ ቀበቶ ጠፍጣፋ ነው፣ ቀለሙ ሻይ ይመስላል፣ ቀንዱ ቀጭን ክር ነው። ሲጨፈለቅ ደሙ እንደ እኛ ቀይ ነው፤ ይህን ሳይ ለምን እንደሆነ አላውቅም፣ ሳቄ ቆመ። ምላሱ ሞረድ ነው፣ ድንጋዩ ላይ ያለውን አረንጓዴ እየፋቀ ይበላል። ውሃ ውስጥ ይኑር እንጂ አየር የሚስብ ነው፤ ውሃው ጸጥ ሲል ወደ ላይ ይንሳፈፋል። የሚፈስ ውሃ አይወድም፣ ይወስደዋል። ከታች ሰምጦ የቀረ አንድ ኮንጎ ጫማ አወጣችና ገለበጠችው። ሆዱ ላይ ቫዝሊን የመሰለ ነገር ተለጥፏል፤ ውስጡ ነጠብጣብ አለ። እንቁላላቸው ነው አለችኝ። የሃይላንድ ጠርሙሱም፣ ቅጠሉም፣ ደረጃውም ከሥሩ እንዲያ ነበር። እኛ የምንቀመጥበት ደረጃ።

በማግስቱ ጠዋት የሰበሰበቻቸውን እያንዳንዱን በየብርጭቆው ለብቻው አድርጋ መስጊዱ ግድግዳ ሥር ፀሐይ ላይ ደረደረቻቸው። ምን እየጠበቅን ነው አልኳት። ፀሐይዋን አለች። ጥላችን ከእግራችን ሥር ሲገባ ጠራችኝና በመነጽሯ እንዳይ አደረገችኝ። እትዬ፣ ከዚያ ከቁልፍ ከማይበልጥ ነገር ውስጥ የሚወጣው አያልቅም። ባዶ ዓይን የማያያቸው ትሎች ናቸው፤ ጅራታቸው እንደ እባብ ምላስ ተሰንጥቋል። ይፈተለካሉ፣ ይወጣሉ፣ ይወርዳሉ፣ አንድ ነገር ይፈልጋሉ። ምን እየፈለጉ ነው ስላት፣ ቆዳ አለችኝ። ዓይኔን ከመነጽሩ አንስቼ ብርጭቆውን በባዶ ዓይኔ አየሁት። ንጹሕ ውሃ ነው። ጠጡኝ ይላል። ይህን እያየሁ ለዙህር፣ ለቀትሩ ሶላት፣ አዛን ተባለ፤ ሼህ ዘይኑልአቢዲን ሱሪያቸውን ሰብስበው፣ ሰዉን አስከትለው፣ ወደ ደረጃው ወረዱ።

የገባኝን ባጭሩ ልንገርሽ። ቀንድ አውጣው ከእናቱ በሽታ ይዞ አይወለድም፤ ከእኛ ነው የሚይዘው። በሽታው ያለበት ሰው ከበላይ ባለው ጥግ ሲታጠብ፣ ከሆዱ የወጣው የትል እንቁላል ወደ ውሃው ይገባል። ከዚያ የተፈለፈለው ቀንድ አውጣውን ፈልጎ ይገባበታል፣ ውስጡ ይራባል። ሳምንታት ቆይቶ፣ ፀሐይ ስትበረታ፣ በቀትር ይወጣል፣ ውሃው ውስጥ ያለውን እግርና እጅ ሰርስሮ ይገባል። ዙህርና የልጆች ዋና በዚያው ሰዓት ነው። ለንጽሕና ብለን የሠራነው ጥግና ለንጽሕና የምንቀመጥበት ደረጃ እርስ በርስ ይቀባበሉናል። ከውዱእ በኋላ ክንዳችንን ሲያሳክከን ሙቀት ነው እንል ነበር። ቢልሃርዝያ ይሉታል። ትሎቹ ወንድና ሴት ሆነው ተቃቅፈው በደም ሥር ውስጥ ዓመታት ይኖራሉ፤ በሰፈራችን እንደነሱ የጸና ትዳር አላየሁም። እኔም ተመርምሬ ተገኝቶብኛል፣ መድኃኒቱን ውጫለሁ፣ ለእኔ አታስቢ።

አሁን ወደ ዩምና ልምጣ። ተረጋግተሽ አንብቢ፤ ልጅሽ ዛሬ ትበላለች፣ ትምህርት ቤት ትሄዳለች። በበልጉ ግን ሆዷን እያመማት ከሳች፣ ከሰገራዋም ጋር ደም አየን። እናታችን አሜባ ነው ብላ ጥቁር አዝሙድ በማር ሰጠቻት፣ ዛሬም አሜባ እንደነበረ ነው የምታውቀው። እኔ ጤና ጣቢያ ወስጄ አስመረመርኳት፤ ባላነበብኩት ያልኩሽ ወረቀት የእሷ ነው። መድኃኒቱን የሚሰጡት በቁመት ለክተው ነው። ዘንጉ ሥር ስትቆም አንገቷን አሰገገች፣ እንደ አንቺ ረጅም ልሁን ብላ። ክኒኑ መራራ ነው፣ አስመለሳት፣ ከዚያ ተሻላት። ያኔ ቀንድ አውጣውን ከነገሩ ጋር አላገናኘሁትም ነበር። ሕይወት ስትመጣ ነው የገባኝ። እሷም የነገረችኝ ይህን ነው፤ መድኃኒቱ ያለውን ይገድላል እንጂ የሚመጣውን አይከለክልም፣ ውሃው ውስጥ ከተመለሰች ካንድ ይጀምራል። በላይ በላዩ የተያዘ ሰው ደግሞ ጉበቱ ይጠጥራል።

ጉበት ሲጠጥር ምን እንደሚመስል ለማየት ሩቅ መሄድ አላስፈለገኝም። የአባታችን ወዳጅ ሼህ ዘይኑልአቢዲን፣ ኩሬውን ከተሠራ ጀምሮ የሚጠብቁት፣ ቅጠሉን በእጃቸው የሚለቅሙት፣ ከሰው ሁሉ በላይ ውሃው ውስጥ የቆዩት እሳቸው ናቸው። ክንዳቸው እንደ ማሽላ አገዳ ቀጥኗል፣ ሆዳቸው ግን ከሽርጣቸው በላይ ተነፍቷል። እንመርመርዎ ስላቸው፣ የጠገበ ሆድ አይመረመርም ይሉኛል። በቀደም ከመስጊዱ ጀርባ ጎንበስ ብለው አየኋቸው። የተፉት ደም ነበር። በእግራቸው አፈር መለሱበትና ዞር ዞር ብለው አዩ። እኔን አላዩኝም።

ሰፈሩን ሰብስበን ሕይወት ባለችበት ተነጋገርን። ኩሬው ይፍረስ፣ ውሃው በጠባብ የሲሚንቶ ቦይ እየሮጠ ይለፍ፣ ለውዱእ ቧንቧ ይዘርጋ፣ ለኢስቲንጃ ከውሃው የራቀ ቤት ይሠራ አልኩ። እንደዚያ ቀን ተናግሬ አላውቅም። ሼህ ዘይኑልአቢዲን ተነሡና፣ ጃፈር ፊደል ቆጠረና የቀንድ አውጣ ሐኪም ሆነልን አሉ፤ ሰው ሳቀ፣ እኔም ሳቅሁ። ከዚያ ግን ዱላቸውን ተከሉና፣ ይህ የሙት ሰደቃ ነው፣ የሰጠችው ሳትፈቅድ አንድ ድንጋይ ያነሳ የአብዱልሀፊዝን ምንዳ የቆረጠ ነው፣ ልጁም ቢሆን አሉ። ያኔ ማንም አልሳቀም። የማይፈራ ሰው መሆኔን ታውቂያለሽ፤ ይህን ግን ፈራሁ። ሰው ሁሉ በእሳቸው ቃል ረጋ።

ውሃውን ለጥቂት ቀን ብንለቀውስ ብዬ ሕይወትን ጠይቄያት ነበር። ቀንድ አውጣዎቹ ጭቃው ውስጥ ገብተው ወራት ይጠብቃሉ፣ ውሃ ሲመለስ ይመለሳሉ አለችኝ። እንግዲህ ግንቡ ራሱ ካልሄደ በቀር ሌላ የለም። ዝናቡ አቁሟል፣ ወንዙ እየቀጠነ ነው፣ ኩሬው በየቀኑ ጸጥ እያለ ነው። በቀትር ወርጄ አያለሁ። ወፍ የለም፣ ነፋስ የለም፣ ሾላው ቅጠሉን አያንቀሳቅስም፤ እነሱ ብቻ አንድ ባንድ ከሥር ይነሱና ተገልብጠው ውሃው ፊት ላይ ይሰቀላሉ። የልጆቹ ድምፅ ከዳገቱ ሲመጣ ዱላ ይዤ እቆማለሁ። ያሳደድኳቸው በሌላ በኩል ይገባሉ። ሁልጊዜ ልቆም አልችልም፣ ሽንኩርቱም ይጠብቀኛል።

ስለዚህ እትዬ፣ ያለ አንቺ አይሆንም። ጁምዓ ከሶላት በኋላ በኢሞ ደውዪ። እናታችንን ሌይላ ዘመድ ቤት ትወስዳታለች። እኔ ስልኩን ለሼህ ዘይኑልአቢዲን ጆሮ አስጠጋለሁ፤ አንቺ ሰው ሁሉ እየሰማ አፍርሱት በያቸው። አባቴ የሚሄድ ውሃ ይወድ ነበር በያቸው፤ እውነት ነው፣ ቦይ ሲጠርግ ነው ያረጀው። ስሙም በቧንቧው ላይ ይቀራል፣ እኔው በእጄ እጽፈዋለሁ፣ ፊደል ሳልዘል። አንቺ በሰው ቤት ደክመሽ ያሠራሽውን አፍርሺ ማለት እንዴት እንደሚከብድ አውቃለሁ፤ ይህን መስመር ስንት ጊዜ ሰርዤ እንደጻፍኩት ከወረቀቱ ይታይሻል።

እናታችን ሁለት ጉንጭሽን ትስምሻለች፤ ከሐጅ የመጣ ሰው ስታይ ሁሉ አንቺን ያየ ይመስላታል። ሌይላ ሰላም ብላሻለች፤ የላክሽላት ሻርፕ ሰው ቤት ካልሆነ አይለበስም። አብራሽ ለምትሠራዋ ለጫጫዋ ልጅ ለአልማዝ ሰላምታዬን አድርሺልኝ፣ ጃፈር ጻፈ ብለሽ ወረቀቱን አሳያት፣ ከላይ ያለውን ብቻ። ሼህ ዘይኑልአቢዲንም አፊፋን ሰላም በልልኝ፣ ኩሬሽ ደህና ነው በልልኝ ብለውኛል።

የዩምናን ሰላምታ ልጽፍ ብዬ ስጠራት ይኸው አሁን ገባች። ለእናትሽ ምን ልበልልሽ አልኳት። ቀሚሷ እስከ ጉልበቷ ርሷል። ከየት ነው የመጣሽው አልኳት። የቀሚሷን ጫፍ እየጨመቀች፣ የእናቴ ውሃ እኮ ነው፣ እኔን ምን ያደርገኛል አለችኝ።

እትዬ፣ ጁምዓን አትጠብቂ።

ወንድምሽ ጃፈር አብዱልሀፊዝ
ከአሊዩ አምባ በታች
ኅዳር 9 ቀን 2017 ዓ.ም.