ልጆቹን ለእናታቸው የፈረዱት ዳኛ፦ የኦጆት ኒካው የሕይወት ታሪክ

ዳኛ ኦጆት ኒካው ከአባታቸው ከአቶ ኒካው ኡጋላ እና ከእናታቸው ከወ/ሮ አጁሉ ኡመድ በ1964 ዓ.ም. በአቦቦ ወረዳ፣ በአልዌሮ ወንዝ ዳር ባለች መንደር ተወለዱ። ቀኑን የመዘገበ ሰው የለም። እናታቸው ወንዙ ሞልቶ በቆሎውን የወሰደበት ክረምት ነው ይሉ ነበር። በመታወቂያቸው ላይ ያለው መስከረም 1 የመታወቂያ ሠራተኛው ምርጫ ነው።

ይህን ታሪክ የጻፈው ታናሽ ወንድማቸው ኦፒው ኒካው ነው። ሲጽፍ ከለቅሶ ቤት ሽማግሌዎች አንድ ማሳሰቢያ ደርሶታል፤ የ2011 ዓ.ም. ፍርድ አይነሣ፣ ጊዜው አይደለም የሚል። ምክንያቱ አይጠፋንም። ያ ፍርድ ባሏ የሞተባት ሴትና ልጆቿ ወዴት ይሂዱ የሚለውን ጥያቄ የመለሰ ነው፤ ዛሬ ደግሞ ያው ጥያቄ እዚሁ ድንኳን ውስጥ ከእኛ ጋር ተቀምጧል። ጸሐፊው ማሳሰቢያውን በአክብሮት ሰምቷል። ነገር ግን ያ ፍርድ ከኦጆት ሕይወት ከወጣ የሚቀረው የተወለዱበትና የሞቱበት ቀን ነው፤ የተወለዱበት ቀን ደግሞ ከላይ እንደተባለው አይታወቅም። ስለዚህ ይነሣል።

ዳኛ ኦጆት የአንደኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በአቦቦ፣ ሁለተኛ ደረጃን በጋምቤላ ከተማ ተከታተሉ። አማርኛን የለመዱት ከትምህርት ቤት ነው። ሲናገሩ የአኙዋ ቅላጼያቸው እስከ መጨረሻው አልለቀቃቸውም፤ ሲጽፉ ግን የደገኛ ባልደረቦቻቸውን ውሳኔ የሚያርሙት እሳቸው ነበሩ። ለጥቂት ዓመታት በአቦቦ በመምህርነት ካገለገሉ በኋላ በ1989 ዓ.ም. ለሕግ ትምህርት ተመርጠው ወደ አዲስ አበባ ሄዱ። በዲፕሎማ ተመርቀው በ1992 ዓ.ም. የወረዳ ፍርድ ቤት ዳኛ ሆነው ተሾሙ። ዲግሪያቸውን በክረምት ትምህርት በ2001 ዓ.ም. አጠናቀው ከሁለት ዓመት በኋላ ወደ ዞን ፍርድ ቤት ተዛወሩ። በወረዳ ችሎት የሚያዩት የአሣ መረብ ስርቆት፣ የማሳ ወሰንና በገበያ ቀን የተደባደቡ ጎረምሶችን ነበር። ያን ጊዜ ጥሩ እንቅልፍ ነበራቸው።

በ1998 ዓ.ም. ከወ/ሮ ሶስና ኡባንግ ጋር በቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ተጋቡ። ድሙዩም ተሰጥቷል። እንግዶች እንዲያውቁት፣ ድሙይ በእኛ በአኙዋዎች ዘንድ ለሙሽራዋ ወላጆች የሚሰጠው ሰማያዊ ዶቃ ነው። በእህት ጋብቻ የመጣው ዶቃ ዞሮ ለወንድም ሚስት ያመጣል። ዶቃው ሙሉ ከተሰጠ ልጆቹ የአባት ወገን ይሆናሉ፤ ባል ከሞተም ሚስቱን ወንድሙ ይወርሳል። ይህ ልማድ ለክፋት የተሠራ አይደለም። መበለት ያለ ጓሮ፣ ልጅም ያለ ወገን እንዳይቀር የታሰበ ነው። ኦጆትም ይህን ክደው አያውቁም። ሲወቀሱ የኖሩት ልማዱን እንደናቁ ተደርጎ ነው፤ ሐሰት ነው፣ ሲወቀሱም ማስተባበል ሰልችቷቸው ነበር።

በ2008 ዓ.ም. ወ/ሮ ሶስና በጀዊ የስደተኞች ካምፕ በሕጻናት ጥበቃ ሥራ ተቀጠሩ። እዚያ ከደቡብ ሱዳን የተሻገረ ልጅ ለአጎት ወይም ለአክስት ከመሰጠቱ በፊት ለእሱ የሚበጀው የቱ እንደሆነ ይጠናል። ልጁ ራሱ ይጠየቃል፤ እናት ካለች እናቲቱ ትጠየቃለች። ይህ አሠራር የመጣው ኢትዮጵያም ከፈረመችው የሕጻናት መብቶች ስምምነት ነው። ወ/ሮ ሶስና አንድ ቀን ከሥራ ተመልሰው እራት እያቀረቡ ባላቸውን በልጃቸው ስም ጠርተው የተናገሩት በቤተሰቡ ውስጥ ይታወቃል። “የትንሣኤ አባት፣ ጀዊ ያለችዋ ልጅ ትጠየቃለች። እዚህ ከተማ ያለችውንስ ማን ነው የሚጠይቃት? አገራችን የፈረመችው ለካምፕ ብቻ ነው እንዴ?” ብለው ነበር።

ዳኛ ኦጆት የዚያን ዕለት ማታ ሕገ መንግሥቱን እንደ አዲስ አነበቡት። አንቀጽ ዘጠኝ ኢትዮጵያ ያጸደቀቻቸው ዓለም አቀፍ ስምምነቶች የአገሪቱ ሕግ አካል ናቸው ይላል። አንቀጽ ዐሥራ ሦስት ደግሞ የመብት ድንጋጌዎቹ ከእነዚህ ስምምነቶች ጋር በሚጣጣም መንገድ ይተረጎማሉ ይላል። ሁለቱንም በተማሪነታቸው ለፈተና ሸምድደዋቸው ነበር። በዳኝነት ዘመናቸው ግን በፊታቸው የቆመ ጠበቃም ሆነ ዐቃቤ ሕግ ጠቅሷቸው አያውቅም፤ እሳቸውም ቢሆኑ።

በ2010 ዓ.ም. በዲማ የወርቅ ጉድጓድ ተደርምሶ አንድ የአቦቦ ሰው ሞተ። ሚስቱ ወ/ሮ አሪየት ሁለት ልጆች ይዘው ቀሩ፤ ሴቷ የስድስት ዓመት፣ ወንዱ ገና ሁለት ያልሞላው። የሟች ወንድም ሊወርሳቸው መጣ። ወ/ሮ አሪየት እምቢ አሉ። እምቢ ካሉ ልጆቹን ይተዉ ተባለ፤ ሽማግሌዎችም እንዲያው ፈረዱ፤ ልጆቹ ወደ አጎታቸው ተወሰዱ። እናቲቱ ወደ ከተማ መጥተው ከሰሱ፤ ጉዳዩም በዞኑ ፍርድ ቤት ለዳኛ ኦጆት ደረሰ።

ተከሳሹ በችሎት የተናገረው አጭር ነበር። ዶቃው ሙሉ ተሰጥቷል፤ ልጆቹም የእኛ ናቸው፤ እሷም የእኛ ናት አለ። ወ/ሮ አሪየት አስተርጓሚውን አልጠበቁም፤ በራሳቸው አማርኛ “ባል ነው የሞተ። እኔ አልሞትኩም። ሽማግሌ ሲፈርድ እኔን የጠየቀ ሰው የለም” አሉ።

ሕገ መንግሥቱ የቤተሰብ ጉዳይ በልማድ እንዲዳኝ የሚፈቅደው ሁለቱም ወገኖች ሲስማሙ ነው፤ ወ/ሮ አሪየት አልተስማሙም። የሕጻናት መብቶች ስምምነት የልጁ ጥቅም ይቅደም ይላል። ስለ ሴቶች መብት የወጣው የአፍሪካ ፕሮቶኮል ደግሞ ባል ሲሞት የልጆቹን ጥቅም የሚጎዳ ካልሆነ በቀር እናት የልጆቿ ሞግዚትና ጠባቂ ናት ይላል፤ ያንንም አገራችን በዚያው በ2010 ዓ.ም. አጽድቃዋለች። ችግሩ ሌላ ነበር። ነጋሪት ጋዜጣ ላይ የወጣው አዋጅ ስምምነቱ ጸድቋል ይላል እንጂ ስምምነቱ ራሱ አብሮ አልታተመም። የፍርድ ቤታችን ቋንቋ አማርኛ ነው፤ ተከራካሪዎቹ የሚናገሩት አኙዋ ነው፤ እሳቸው እጅ የገባው የስምምነቱ ጽሑፍ እንግሊዝኛ ነው። ታዲያ ዳኛው ምን ያድርጉ? አንቀጾቹን ራሳቸው ወደ አማርኛ መለሷቸው።

ትርጉሙ የተተየበው በአቶ ሸሪፍ ፎቶ ኮፒ ቤት ነው። የተየበችው የአቶ ሸሪፍ ልጅ ነጅሚያ ናት። ይህን የቀብር ጽሑፍ ስትተይብ ለጸሐፊው እንደነገረችው፣ ያን ጊዜ “ጋሼ፣ ይሄ ሕግ ለኛ ለሴቶቹም ይሠራል?” ብላ ስትጠይቃቸው፣ “ከተነበበ ይሠራል” ብለዋት ነበር። ፍርዱ በሚነበብበት ቀን ዳኛ ኦጆት ውሳኔውን በአማርኛ አነበቡ፤ አስተርጓሚው ሲቸገርም አንቀጾቹን በአኙዋ ቋንቋ ራሳቸው ደገሟቸው። ልጆቹ ወደ እናታቸው እንዲመለሱ፣ ወ/ሮ አሪየትም ማንም ሳይወርሳቸው በቤታቸው እንዲኖሩ ፈረዱ። ፍርዱን ሊሰሙ የመጡ የኛው ዘመዶች አንድ በአንድ ተነሥተው ወጡ።

ደስታው አልቆየም። ይግባኝ ተባለ፤ ፍርዱም ታገደ። ይግባኙን ያየው ችሎት ዳኛው ራሳቸው ተርጉመው ራሳቸው የፈረዱበት ጽሑፍ ሕግ ተብሎ ሊጠቀስ አይችልም በማለት ውሳኔውን ሻረው። ሕጉ መኖሩን ማንም አልካደም፤ የተከራከሩት በወረቀቱ ነው። ዳኛ ኦጆት ሥነ ምግባር ጥሰዋል ተብለው ማብራሪያ እንዲሰጡ ተጠሩ፤ ሰጡ፤ ውጤቱ ሳይነገራቸው ቀረ። እድገት ሲመጣ አለፋቸው። በአቦቦ ለሠርግም ለእርቅም የሚጠራቸው ጠፋ። አክስታችን በየክረምቱ የምትልክላቸውን የደረቀ አሣ ተወች። ይህ ትንሽ ነገር ይመስላል፤ እሳቸውን ግን ከእድገቱ ይልቅ ያሳዘናቸው ይህ ነበር።

ወ/ሮ አሪየት በነጻ በሚያግዟቸው ጠበቃ ጉዳዩን እስከ መጨረሻው ችሎት ወሰዱ። ቀጠሮ ላይ ቀጠሮ ተሰጠ፤ በመካከሉ ወረርሽኝ ገባ፤ ፋይል ጠፋ፤ ፋይል ተገኘ። በ2014 ዓ.ም. የመጨረሻው ውሳኔ ወጣ። ሕገ መንግሥቱ ስለ ሕጻናት የደነገገው ከጸደቁት ስምምነቶች ጋር አብሮ መነበብ አለበት፣ ልጆቹም ለእናታቸው ይሰጡ ይላል። የኦጆት ትርጉም አልተጠቀሰም፤ ስማቸውም አልተጠቀሰም። እሳቸው ግን ቅር አላላቸውም። ውሳኔውን ደግመው ደጋግመው አነበቡት እንጂ።

ልጆቹ የተመለሱ ዕለት ዳኛ ኦጆት መሄድ ባይገባቸውም ሄደው ዳር ቆመው ነበር። ሴቷ ልጅ እናቷን አቀፈች። ወንዱ ግን እናቱን አላወቃትም። የአጎቱን ሚስት ቀሚስ ይዞ አለቀሰ፤ ያቺም ሴት አለቀሰች፤ ያሳደገችው እሷ ናትና። ወንድማችን ወደ ቤት ሲመለሱ “ፈረድኩ፤ ግን ዘገየሁ” አሉ። የዘገዩት እሳቸው አልነበሩም። ይህን ብንነግራቸውም አልሰሙንም። ከዚያ በኋላ የሳቁትን ሳቅ ጸሐፊው በጣቱ ሊቆጥረው ይችላል።

ያ ውሳኔ በክልላችን ፍርድ ቤቶች ዛሬ ይጠቀሳል። ወጣት ዳኞች ስምምነቶቹን በስም ይጠሯቸዋል፤ ሲጠሩም የሚደነግጥ የለም። ኦጆትንም በየሆቴሉ ስብሰባ ላይ ልምድ አካፍሉ እያሉ ይጠሯቸው ነበር። ስለ መብት የተጻፈበት ቦርሳ ይሰጣቸዋል፤ ቤታችን በቦርሳ ሞልቷል። እሳቸው የለመኑት አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ የጸደቁት ስምምነቶች በአማርኛና በክልሉ ቋንቋዎች ታትመው ለየወረዳው ፍርድ ቤት ይሰጡ የሚል። በየስብሰባው ተናገሩት። በየስብሰባው በቃለ ጉባኤ ተያዘ። ከዚያ ሻይ ይወጣል።

ከ2016 ዓ.ም. ጀምሮ በጉበት ሕመም ሲሠቃዩ ቆይተው በጋምቤላና በጅማ ሕክምና ተከታትለዋል። አቅማቸው እስኪያንስ ድረስ ከችሎት አልቀሩም። በመጨረሻው ሳምንት ከወረዳ የመጣች አንዲት መበለት እሳቸውን ፍለጋ ሆስፒታል ድረስ መጥታ፣ ተኝተው አይታ ተመልሳለች። እሑድ ጥቅምት 23 ቀን 2018 ዓ.ም. ከቀትር በኋላ፣ ባለቤታቸው እጃቸውን ይዘው ሳለ፣ ወደ ጌታ ተሰበሰቡ።

ዳኛ ኦጆት ኒካው ባለቤታቸውን ወ/ሮ ሶስና ኡባንግን፣ ልጆቻቸውን ትንሣኤን፣ ምሕረትንና ኒካውን፣ ሁለት እህቶችና አንድ ወንድም ትተው አልፈዋል። ወንድሙ ጸሐፊው ነው። በልማዳችን መሠረት ወ/ሮ ሶስናን የሚወርሰው፣ ልጆቹንም የሚወስደው እሱ ነው። ሽማግሌዎች ይህን ትናንት አስታውሰውታል፤ ዶቃው ሙሉ መሰጠቱንም ጨምረው። መልሱን ከቀብር በኋላ ይጠብቃሉ። ጸሐፊው ግን እስከዚያ የሚያቆየው ምክንያት አላገኘም፤ ነገር ሲቆይ ምን እንደሚሆን አይቷል።

ወ/ሮ ሶስና ተጠይቀዋል። አልፈልግም ብለዋል። ልጆቹም ተጠይቀዋል፤ ከእናታችን አንለይም ብለዋል። ስለዚህ ኦፒው ኒካው የወንድሙን ሚስት አይወርስም፤ ሌላም ዘመድ በስሙ አይወርስም። ትንሣኤ፣ ምሕረትና ኒካው ከእናታቸው ጋር ይኖራሉ። ቤቱና ጓሮው የወ/ሮ ሶስና ነው። ኦፒው አጎት ነው፤ የትምህርት ቤቱ ነገር፣ የበቆሎው ነገር፣ ሲታመሙ መሮጡ የእሱ ነው፤ ከዚህ ሁሉ አይሸሽም። ይህን የሚለው ሽማግሌዎቹን ንቆ አይደለም። ወንድሙ በሰው ቤት የፈረዱትን በራሳቸው ቤት ማፍረስ ስላልቻለ ነው። ይህን ለለቀስተኛው የሚያነበው ሰው እዚህ ላይ ቆም ብሎ ይህን አንቀጽ በአኙዋ ቋንቋ ይድገመው፤ ወ/ሮ ሶስናም ከተቀመጡበት ሳይነሡ ይስሙት።

ወንድማችን በጣም ደክመው ነበር። የመበለቶችና የድኻ አደጎች አባት የሆነው አምላክ በደረቱ ያሳርፋቸው፤ ዳግመኛ ለቀጠሮ አይጥራቸው። ለእኛም ለቀረነው፣ ዛሬ በዕንባ የተናገርነውን ነገ ዕንባችን ሲደርቅ የምንጠብቅበትን ጉልበት ይስጠን። አሜን።