ጅምር መሶብሽ

ዘነቡዬ፣ እግዜር ባስቀመጠሽ ቦታ ሰላም ነሽ ወይ? ከተለየሽን ይኸው ሁለተኛው ክረምት አለፈ። ያሳደግናት የልጅ ልጃችን ምሕረት እኔ ልጻፍልህ አለችኝ፤ እምቢ አልኩ። ለሚስቴ የምጽፈው እኔ ነኝ። ፊደሌ ቢንጋደድም ታውቂዋለሽ።

ደስ የሚል ወሬ ይዣለሁ። ምሕረት በጥር ተዳረች! ለሠርጓ የጀመርሽላት መሶብም ደረሰ። ማን ጨረሰው ትይኝ ይሆናል። እኔ። አትሳቂ።

አንቺው ነሽ ያልሽው። ሰፊዋ የሞተችበት ጅምር ካልተጨረሰ ነፍሷ ወስፌዋን ስትፈልግ ትንከራተታለች፤ የሚጨርሰውም የቤቷ ሰው ነው ብለሽ። ምሕረት ልብስ ፋብሪካ ሙሉ ቀን በመኪና ትሰፋለች፤ ግን ሙሽራ የራሷን መሶብ አትነካም ይላል ያገርሽ ሰው። ታዲያ ከኔ ሌላ ማን ቀረ? አንቺ እዚያ ወስፌ ስትፈልጊ እያሰብኩ እንዴት እንቅልፍ ይወስደኛል?

የስፌቱን ሣር፣ አክርማውን ነክሬ ደጃፍ ተቀመጥኩ። የተደበቅሁ እንዳይመስልሽ፤ የሰፈራችን የሓድነት ሰው ሙሉ ሲያልፍ አየኝ። ጎረቤታችን አደይ ለተብርሃን «ኣቦይ ደምሴ፣ መሶብ ነው የወፍ ጎጆ?» እያለች ገደለችኝ። ላግዝዎት ብትለኝ ወስፌውን ሸሸግሁባት። ጣቴ ወንፊት ሆነ። አንቺ አስተካክለሽ ያዞርሽው ዙር እኔ ጋ ሲደርስ እባብ ሆነ። ክዳኑም አልገጥም ብሎ ስንቴ ፈታሁት መሰለሽ!

የመሶቡ አፍ ላይ ስደርስ ጨነቀኝ። አንቺ እዚያ ጋ አንዲት ስፌት ሆን ብለሽ ታጣምሚ ነበር፤ ክፉ ዓይን እሷ ላይ ይረፍ ብለሽ። የኔ ግን ሁሉም ጠማማ ነው፤ የቷን ላጣምም? አደይ ለተብርሃን «ይህን እኮ ቡዳም ያዝንለታል» አለች። እልህ ያዘኝና አንዷን ብቻ ቀጥ አድርጌ አስገባኋት። ሙሉ ቀን ፈጀችብኝ።

በሠርጉ ቀን መሶቡ ሲወጣ ሴቱ እልል አለ፤ ቀረብ ብሎ ሲያየው ደግሞ ሳቁን ለቀቀው። እኔም ሳቅሁ። ምሕረት ራሷ ላይ ደፍታ ጨፈረችበት! ኋላ አፉን በጣቷ ስትዳስስ ያችን አገኘቻት። «አያዬ፣ ይቺ ቀጥ ያለችውስ የማን ናት?» አለችኝ። የሴት አያትሽ ናት፣ ለሷ ዓይን የሰፋኋት አልኳት።

እንግዲህ ወስፌሽን እንዳትፈልጊው፤ እኔ ጋ አለ። ራስጌዬ ካለው ግድግዳ ላይ ሰክቼዋለሁ። ጠዋት ስነሳ እሱን ነው የማየው፤ አንቺንም አብሬ። ስመጣ ይዤልሽ እመጣለሁ።

ባልሽ ደምሴ